ንጉሥ ሲከሰስ

ባሕሪ፣ ካርቱም
ጥር ፲፪ ቀን ፳፻፰ ዓ.ም.

ለምወድህና ለማከብርህ ወንድም ጋሼ፣

ጤናህ እንዴት ነው? የጥር ብርድ ጉልበትህን ተወው ወይስ እንደ አምናው ያንገላታሃል? ሚስትህ እት ማዘንጊያ፣ ልጆቹ፣ ጎረቤቱ ሁሉ እንደምን ከረማችሁ? እኔ ተመስገን ነው፤ እንዲያውም ደኅና ነኝ ማለት ያንስብኛል። ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው እንደምትል አውቃለሁ። በስልክ ገና አፌን ስከፍት «በይ ተይው፣ ሒሳብሽ ያልቃል» ትለኛለህ። ወረቀት አያቋርጠኝም። በመተማ በኩል የሚገባ ታማኝ ሰው ስላገኘሁ በእሱ እጅ ልኬልሃለሁ።

ወሬውን ላስቀድምልህ፤ ቤቴን አልለቀቅኩም። ፈረዱልኝ! ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ብለህ የመከርከኝን አልረሳሁም። ሰማዩን እንጃ፤ ንጉሡን ግን ከስሼ ረታሁት።

ነገሩን ከሥሩ ላስረዳህ። የምኖርበት ቤት የመንግሥት መሆኑን ታውቃለህ። አንድ መሥሪያ ቤት ለሠራተኞቹ ያሠራቸው ቤቶች ነበሩ፤ ሠራተኞቹ እየለቀቁ ሲሄዱ ባዶዎቹን ለሚከፍል ሁሉ ያከራይ ጀመር። እኔም ባለቤቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ በሞተ ማግስት አንዱን ተከራይቼ በረንዳው ላይ የስፌት መኪናዬን ተከልኩ። ዛሬ ባሕሪ ውስጥ ቀሚስ የምታሰፋ ሐበሻ ሁሉ በሬን ታውቃለች። ከዚያ ቤት ብወጣ እንጀራዬም አብሮኝ መውጣቱ ነው።

ያለፈው ክረምት መሥሪያ ቤቱ ቦታውን ለባለሀብት ለመስጠት አሰበና በየበሩ ወረቀት ለጠፈ። በሁለት ሳምንት ውጡ ይላል። የመንግሥት ቤት ያለ ፈቃድ የያዘን ሰው ያለ ፍርድ የሚያስወጣ ሕግ አለን አሉ። ደመቀና ሚስቱ፣ ግድግዳ የምንጋራው፣ በማግስቱ ዕቃቸውን ጭነው ኦምዱርማን ገቡ። ላንተ የደወልኩት ያን ጊዜ ነው፤ አንተም ያንን ተረትህን ተረትክብኝ። ተናድጄ ስልኩን ዘጋሁብህ፤ መስመሩ ተቋረጠ ያልኩህ ውሸቴን ነው።

ከጀርባችን የምትኖር ሀዋ የምትባል ሱዳናዊት ልጅ አለች፤ የትምህርት ቤት ልብሷን የሰፋሁላት። ዛሬ ጠበቃ ሆና ኡስታዛ ትባላለች። እሷ ናት ያቆመችኝ። ሌላም ሕግ አለ አለችኝ፤ ኪራዩን የሚከፍል ተከራይ ዳኛ ሳይፈርድበት ከቤቱ አይወጣም። ታዲያ ቤቱ የመንግሥት፣ ነዋሪው ደግሞ ኪራይ ከፋይ ሲሆን የትኛው ሕግ ይገዛል? ሁለቱ ሕጎች እንደ ጣውንት ናቸው፣ አንድ ጣሪያ ሥር አይስማሙም። ሀዋ ለኪራዩ ሕግ እንሟገታለን፣ መክፈልሽን ብቻ አረጋግጪልኝ፣ ደረሰኝሽን አምጪ አለችኝ።

ጉዴ የፈላው እዚህ ላይ ነው። ደረሰኝ የለኝም።

ኪራይ ሰብሳቢው በሽር የሚባል ሰው ነው፤ ሚስቱን የቀበረ፣ ልጆቹን ድሮ የዳረ ጭምት ሰው። መጀመሪያ ላይ ደረሰኝ ይቆርጥልኝ ነበር፤ እነዚያም ጠፍተውብኛል። አንድ ቀን ምሳ ላይ ደረሰና ብላ አልኩት፤ በላ። የዚያን ዕለት ደረሰኙን ሳይቆርጥልኝ ሄደ። ረስቶ ነው ብዬ ዝም አልኩ። በሚቀጥለውም ወር በላ፣ በሚቀጥለውም። የበላበት እጁ ሳይደርቅ «ደረሰኜን ቁረጥልኝ» ይባላል? እናታችን እንዲህ አድርጋ አላሳደገችንም። እንዲሁ እየበላ፣ እንዲሁ እየከፈልኩ ዓመታት አለፉ። ሀዋ ይህን ስትሰማ ጭንቅላቷን ያዘች። ያ ኻልቲ፣ አክስቴ ማለቷ ነው፣ ማፈር ቤት ሆኖሽ ያውቃል? አለችኝ። ቢሆንም ክሱን ጽፋ አስገባችልኝ።

መሥሪያ ቤቱም ይህን አውቆ ኖሯል፤ ሴትዮዋን አናውቃትም፣ ሠራተኛው ሲወጣ ሰብራ የገባች ናት ብሎ መልስ ሰጠ። ምስክሩ አድርጎ የቆጠረው ማንን መሰለህ? በሽርን። ጡረታ ሊወጣ ጥቂት የቀረው ሰው፣ ጉሮሮው በእነሱ እጅ ነው። በሰውዬው አልፈርድም ብዬ ነበር ፍርድ ቤት የሄድኩት፤ ውሸቴን ነው፣ መንገዱን ሙሉ ስፈርድበት ነበር።

ዳኛውን እዚህ ሞላና ይሏቸዋል። በሽር ነጭ ጀለቢያውን ለብሶ፣ ጥምጥሙን አሳምሮ ገባ። ወደ እኔ አላየም። አለቀልሽ አልኩ በሆዴ። የመሥሪያ ቤቱ ጠበቃ ይህችን ሴት ታውቃታለህ ወይ አለው። ወላሂ አውቃታለሁ አለ። ኪራይ ተቀብለሃት ታውቃለህ? ጉሮሮውን ጠረገና በየወሩ ከእጇ ተቀብዬ በእጄ ለገንዘብ ያዡ አስረክቤያለሁ፣ አንድ ወር አላጎደለችም አለ። ጠበቃው ፊቱ ተለዋወጠ። ታዲያ ደረሰኙ የት አለ ብሎ ጮኸበት። በሽር ምን ቢል ጥሩ ነው? ጥፋቱ የኔ ነው፣ ሰው ቤት በልቼ ወረቀት መቁረጥ አፍሬ ነው አለ። ለካ እሱም እንደኔ አፍሮ ኖሯል! እኔ ረሳ ስል፣ እሱ ሲያፍር።

ጠበቃው አልተወውም። ለመሆኑ ይህች ሐበሺያ ምንህ ናት፣ እንጀራህን የምታበላሽላት? አለው። ወንድም ጋሼ፣ ያን ጊዜ ነው ወደ እኔ ያየው። ሚልሕ ወ ሙላሕ አለ። ጨውና ወጥ ማለት ነው፤ እዚህ አገር አብሮ የበላ አይካካድም። ነጠላዬን አፌ ላይ አደረግኩ። ምን እንደሆንኩ አላውቅም፣ ዕንባዬ መጣ።

ሞላና በኋላ የፈረዱትን ሀዋ በቀስታ አስረድታኛለች። ኪራይ የበላ መንግሥት አከራይ ነው፤ አከራይም እንደማንኛውም አከራይ በኪራይ ሕግ ይዳኛል፤ ሰብሮ የገባን ማስወጫ ሕግ ከፍሎ የሚኖርን አይነካም። እኔ ግን ገና ሀዋ ተነሥታ ስታቅፈኝ ገብቶኝ እልልታዬን አቀለጥኩት! ፖሊሱ ዝም በይ እያለ ሮጦ መጣ፤ በር ላይ ተራ የሚጠብቁት ሱዳናውያት ጉዳዬን ሳያውቁ እልልታውን ተቀበሉኝ። ማንን ዝም ያሰኝ? ደመቀና ሚስቱም ይኸው በዚያው ፍርድ የለቀቁትን ቤት አስመልሰዋል። ሰፈሩ «ንጉሥ የረታች» እያለ ይጠራኛል፤ ኩራት ኃጢአት ነው አትበለኝ፣ ለጊዜው ልኩራ።

እንግዲህ ከጓሮ ያስለሰንክልኝን ክፍል ለልጅህ ለናርዶስ ስጣት። አልመጣም።

ኪራዬን አሁን ባንክ ነው የምከፍለው፣ ማኅተም ተመትቶበት። በሽርን ወዲያው ጡረታ አስወጡት። ወሩ ሲገባ በሬ ተንኳኳ፤ እሱ ነው። የሚሰበሰብ ኪራይ እኮ የለም አልኩት። እግሬ ለምዶ ነው አለ። ከዚያ ወዲህ እግሩ ወር እስኪገባ አይጠብቅም።

አንድ ነገር ከሌላ ሰው ከምትሰማው ከእኔ ስማው። የዘንድሮን ገና የፈሰክሁት በሽሮ ነው። እኛ ያረድነውን እነሱ አይበሉም፣ እነሱ ያረዱትንም እኛ አንበላም፤ ሽሮ ግን ቢላ አያውቅም። ሥጋ ከቤቴ ከወጣ ሰነበተ። ለነፍስ አባታችን መነኮሰች ብለህ እንዳትነግርብኝ፤ አልመነኮስኩም።

አምላክ ዕድሜህን ያርዝመው፣ ጉልበትህን ያጽናልህ፣ እት ማዘንጊያን ያኑርልህ። በጸሎትህ ስታስበኝ ቤቷን ባርክላት በልልኝ። በቤቷ ያለውን ሁሉ ብለህም ጨምርበት፤ ስም መጥራት አያስፈልግም፣ እሱ ያውቃል።

ያሳደግሃት እህትህ