የእትዬ አልማዝ ቀሚስ በስፓኒሽ

ቅዳሜ፣ ኖቬ. 3፣ 2007፣ ከቀኑ 11 ሰዓት

ደብተሬ ሆይ፣ ቀጥ ብለሽ ስሚ። በላይ ቤቷ እትዬ አልማዝና በታች ቤቱ ጋሽ ከበደ መካከል አራት ዓመት የኖረው ሰላም ዛሬ በድንገት ዐርፏል። ያረፈው እኛ ሳሎን ነው። ገዳይ፦ እኔ።

ኤርፖርት አብራኝ ዊልቸር የምትገፋው ሜክሲኳዊቷ ሉፔ ዲቪዲ አዋሰችኝ። የስፔን ኮሜዲ፣ ክፍል አንድ። አንድ ሕንፃ ላይ ያሉ ጎረቤቶች ሲነታረኩ። እማዬ ሰማችና ጎረቤት ጠራች፤ ልጄ ስፓኒሽ ትችላለች ብላ። የምችለው "እግርዎን ያንሱ" እና "ሽንት ቤቱ በስተቀኝ ነው"። ት/ቤት ሁለቴ ወድቄበታለሁ። ግን ሰው ሶፋ ላይ ተደርድሮ አፍሽን ሲያይ ምን ትያለሽ? ተረጎምኩ።

ፊልሙ ላይ የሕንፃው ሰዎች ተሰብስበዋል። አንዲት ሴትዮ ጣቷን ቀስራ ትጮኻለች። ምን እንደምትል እ/ር ይወቅ። እኔ፦ "ልብሴን ከማጠቢያው ማሽን አውጥቶ ወለል ላይ የጣለው ያ ባለታክሲ ነው።"

ሁሉም ሳቀ። ከእትዬ አልማዝ በቀር። ባለፈው ሳምንት የመዘምራን ቀሚሳቸው ላውንድሪ ቤት ወለል ላይ ተገኝቷል። ማን እንደጣለው አልታወቀም። ጋሽ ከበደ ደግሞ ታክሲ ነው የሚነዱት። እትዬ አልማዝ ቀስ ብለው ዞሩ።

"እዚያም ባለታክሲ ነው?"

"ምን ማለትሽ ነው?" ጋሽ ከበደ።

"እኔ ምን አልኩ? ሴትዮዋ ናት። እርስዎን ምን ነካዎት?"

እርስዎ አሉ። እስከ ትናንት አንተ ነበሩ። ጋሽ ከበደ ሻያቸውን ሳይጨርሱ ወጡ። እኔ ወጥ ቤት ገብቼ ሳቄን በፎጣ አፈንኩ።

እሑድ፣ ኖቬ. 4፣ ከሰዓት

ሳቁ አልቋል። እማዬም እኔም ሥራ የምንገባው ከሌሊቱ 11 ሰዓት ነው። ወንድሜን ናቲን እትዬ አልማዝ ያለብሱታል፤ ጋሽ ከበደ ሎውሪ ሰፈር ያለው ት/ቤቱ ድረስ በታክሲያቸው ያደርሱታል። አሁን እትዬ አልማዝ፣ ከእጄ ወደ እሳቸው እጅ ልጅ አላሳልፍም ብለዋል። እማዬ ሌላ ሺፍት ጠይቃ የለም ተብላለች። ከቀረች ሥራው ይሄዳል። ቁጭ ብላ ጫማዋን ታያለች።

አንድ ነገር ደብቄሻለሁ። አታፍጪብኝ። ቀሚሱን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ዩኒፎርሜን ላጥብ ቸኩዬ። ማሽኑ ላይ ነው ያስቀመጥኩት፤ ራሱ ወደቀ። (እሺ፣ ሲወድቅ አይቻለሁ።)

አንድ ዘዴ መጣልኝ። ዲቪዲውን ይዤ እትዬ አልማዝ ዘንድ ወጣሁ። በደንብ ሳልሰማ ነው፣ ልድገመው አልኳቸው። ዛሬ ሴትዮዋ ባለታክሲውን ይቅርታ ጠየቀች፤ በጣም ጨዋ ሰው ነው አለች።

"በዚህ ፊቷ?" አሉ። "አንቺ ልጅ፣ ጣቷን አያለሁ እኮ።"

ሰኞ፣ ኖቬ. 5፣ ከቀኑ 10 ሰዓት

እማዬ ናቲን ይዛ ቀረች። ነገም እንዲሁ ከሆነ አትምጪ ተብላለች። ሉፔን ጠየቅኳት፤ ሴትዮዋ የምትጮኸው ሊፍቱ ተበላሽቶ ነው። ታክሲ የለም። ልብስ የለም።

ቆርጫለሁ። ቀልድ የለም። ሁለቱንም ደረጃው ላይ አስቁሜ እናዘዛለሁ። እየወጣሁ ነው።

11፡30

ተናገርኩ። በአንድ ትንፋሽ፣ መሬት መሬት እያየሁ።  ከዚያ እትዬ አልማዝ፣ ቀሚሱ እኮ በማግስቱ ታጥቦ ደርቋል አሉ። ጋሽ ከበደ፦ "ታዲያ ሦስት ቀን ሙሉ ምን ሆነን ነው?"

"አንተ ነሃ፣ ሻይህን ጥለህ የሄድከው።"

አንተ! ነገ ጠዋት ናቲ ታክሲ ላይ ነው። እማዬ ጫማዋን በር ጋ አሰናድታለች። ለእኔ የተፈረደው፦ የመዘምራኑን ቀሚስ በሙሉ ማጠብ፣ ቅዳሜ፣ ብቻዬን። ማሽኑ ውስጥ የሰው ልብስ ካገኘሁ አልነካም። እዚያው ቁጭ ብዬ ባለቤቱን እጠብቃለሁ።

ለቀስተኛው ይበተን፣ ደብተሬ። ነገሩ ያን ያህል አልነበረም። አንድ እርጥብ ቀሚስ ነው።