ውሃዬን ያልጠጣው ሰውዬ

ግንቦት 4

የዛሬው ሙቀት አይጣል ነው። ከሰዓት ሦስተኛ ክፍሎችን ማካፈል ሳስተምር ግማሾቹ ተኙ፤ እኔም ልተኛ ምንም አልቀረኝ። ቤት ስገባ እናቴ ግቢውን ጠርጋ ውሃ ረጭታበታለች።

«ምነው?» ስላት፣ «ሐሙስ የመንግሥት ሰዎች ይመጣሉ። የፈሪድን ካሳ ሊነግሩን» አለችኝ።

ካሳ... ወንድሜን ከባጃጁ አውርደው መጋዘን ውስጥ ካሰሩት ሁለት ዓመት አለፈው። «ለቀነዋል» ብለውን ነበር። ከለቀቁት የምን ካሳ?

ታላቃችን ኡበይድ ከዋጃ ሰምቶ መጣ። የበሩን መቃን በዱላ ሲመታው ተሰነጠቀ። «ሬሳ ሳላይ፣ ገዳዩን ሳላውቅ የደም ዋጋ አልበላም። ገዳዩን ያሳዩኝና ብሩን ለራሱ ለገዳዩ ተዝካር ያድርጉት።»

እሱ ያለውን ያደርጋል። የቀረኝ ወንድም ደግሞ እሱ ብቻ ነው።

ግንቦት 7

መጡ። ኡበይድ እርሻ ላይ ስለዋለ አልተገናኙም፣ አልሐምዱሊላህ።

አለቃቸው ዓይናለም የምትባል ሴት ናት፣ አፈ ጣፋጭ። «በጥበቃ ሥር ሳሉ ለተሰወሩ ሰዎች ቤተሰቦች...» አለች። ተሰወሩ? ፈሪድ ወልይ ነው እንዴ የሚሰወረው?

እናቴ «አጥንቱ የት ነው?» አለቻት። ሴትዮዋ ወረቀቷን አየች። 

እናቴ ከእንስራው ቀድታ በጣሳ አዞረች። ዓይናለም ሁለቴ ጠጣች። አብረዋት የመጡትም ጠጡ። ሾፌራቸው ግን እጁን ወደ ኋላ ሸሸገ። ስሙን ተዋቸው ይሉታል፣ የሮቢት ሰው ነው። «ጾም ነኝ፣ እማማ።» ላቡ ከአንገቱ ይወርዳል፣ ከንፈሩ ደርቆ ተሰንጥቋል። ተነስቶ ወጣና ጥላ እያለ ፀሐይ ላይ ቆመ።

እናቴ ጣሳውን እንደያዘች ቀረች።

ግንቦት 8

ክርስቲያኗን ጎረቤታችንን፣ አስረሳሽን፣ «አሁን እናንተ ጾም አላችሁ እንዴ?» አልኳት። ሳቀችብኝ። «በበዓለ ሃምሳ? ረቡዕና ዓርብ እንኳ ይበላል። ምነው፣ ልትጠመቂ ነው?»

መሳቅ አቃተኝ። በእኛ አገር ከደመኛ ቤት ውሃ አይቀመስም። ገዳይ ደሙ ሳይታረቅ ከቀመሰ ሆዱ ተነፍቶ ይሞታል ይባላል። አላህን የማይፈራ ወንበዴ እንኳ ይህን ይፈራል።

እሱ ነው... እሱ ነው?

ለኡበይድ ከነገርኩት ይገድለዋል። እሱንም ይገድሉታል። ካልነገርኩት ያ ሰውዬ የወንድሜን ካሳ በመኪና ጭኖ ይዞራል። ምን ላድርግ?

ግንቦት 10

ከእንስራችን በሃይላንድ ቀድቼ ሮቢት ሄድኩ። አስፋልቱ ዳር ሻይ ቤት ተቀምጦ አገኘሁት። ፊቱ አስቀመጥኩለት።

«ከፈሪድ ቤት ነው። ጠጣ።»

«ኧረ ተይኝ፣ እህቴ።»

«ጠጣና እተውሃለሁ።»

ክዳኑን ከፍቼ ወደ አፉ ሳስጠጋው በቡጢ ነረተኝ። ከንፈሬ ተተረተረ። የሻይ ብርጭቆውን አንስቼ ግንባሩ ላይ ሰበርኩት። እኔ... ዶሮ ሲታረድ ፊቴን የማዞረው። ደሙ ዓይኑ ውስጥ ሲገባ ደስ አለኝ። በስባሪው ልደግመው ስል ሰዎች ያዙኝ።

ከዚያ ሃይላንዱን እያየ ዝቅ ባለ ድምፅ ተናገረ። «ብቻዬን አልነበርኩም። እጁን በሽቦ አስረን... ምቱ ተብለን ነው። ውሃ ሲለምነን ሞተ። ጎሊና ወንዝ ዳር አሸዋው ውስጥ ነው።»

በሚኒባስ ስመለስ ደሜን በሻሼ ያዝኩት። ውሃ ሲለምን...

ግንቦት 11

ኡበይድ ከንፈሬን አየ።

«ማን ነው?»

«ከባጃጅ ወድቄ ነው።»

ጉሮሮዬን አንቆ ከግድግዳው ጋር አጋጨኝ። «ማን ነው አልኩሽ?»

«ወላሂ ወድቄ ነው።» በሐሰት ማልኩ። አላህ ይቅር ይበለኝ።

እናቴ ከጓዳ ወጣች። «ልቀቃት። ውሃዬን ያልጠጣው ሰውዬ ነው። ያ ሾፌር። ሮቢት ነው ያለው።»

ለካ የዚያኑ ቀን አውቃለች። እግሩ ላይ ወደቅሁ። ረግጦኝ አልፎ ጠመንጃውን አወረደ። እናቴን እንደ ዛሬ ጠልቻት አላውቅም።

ግንቦት 12

ገደለው። በጠራራ ፀሐይ፣ መኪናዋን ሲያጥብ። ደረቱን በጥይት፣ ከወደቀ በኋላ ደግሞ ፊቱን በሰደፍ... ሚስቱ ልብሱን አይታ ነው አሉ የለየችው። ኡበይድ በራሱ እግር ሄዶ እጁን ሰጠ።

ስሰማ እልል ልል ነበር። ከዚያ ሚስቱ ትዝ አለችኝ፣ አፌን በሻሼ ያዝኩ።

ግንቦት 14

ምሳ ይዤ ጣቢያ ሄድኩ።

«እዚህ የለም።»

«ትናንት አይቼዋለሁ እኮ።»

«ተዛውሯል።»

«ወዴት?»

«አናውቅም።»

ይህችን ቃል ከፈሪድ ጊዜ ጀምሮ አውቃታለሁ። ሲጭኑት ያየ አንድ እስረኛ ሹክ አለኝ፤ ፈሪድ የነበረበት መጋዘን ወስደውታል። ሮጥኩ። በሩ ላይ ያሉትም «የለም» አሉ።

ግንቦት 20

ዓይናለም በሌላ ሾፌር መጣች። ካሳው ጸድቋል፣ ፈርሙ አለች።

እናቴ «አስቀምጭው» አለቻት። «የሁለተኛውን ስታመጪ አብረሽ ታመጪልኛለሽ።»

ሴትዮዋ አለቀሰች። ግቢው እንደ እሳት ይፋጃል። እናቴ ዛሬ ለማንም ውሃ አልቀዳችም።

ግንቦት 26

ጠዋት ጠዋት ወደ ትምህርት ቤት ሳልገባ መጋዘኑ በር እሄዳለሁ። ሃይላንዱን እናቴ ናት የምትሞላልኝ። ዘበኞቹ «የለም አልንሽ እኮ» ይሉኛል። እሺ እላለሁ። «ሙቀት ነው፣ ጠጡ። ከኡበይድ ቤት ነው» እላቸዋለሁ። ሁሉም የዚሁ አገር ልጆች ናቸው። እጃቸውን አያለሁ፣ ከዚያ ጉሮሯቸውን። እስኪውጡ እኔ አልተነፍስም።

ከእናቴ ጋር ብዙም አንነጋገርም። ስመለስ ግን በር ላይ ቆማ ትጠብቀኛለች።  ሃይላንዱን ተቀብላ መሬት ላይ ትገለብጠዋለች።

ዛሬም አንድ ጠብታ አልወረደም፤ ሁሉም ጠጥተዋል። ኡበይድ በሕይወት አለ።