በወንበርህ ላይ የተቀመጠው ልጅ

ለምወድህ ወንድሜ ለሐዚም፣

እንደምን ከረምክ? ጤናህስ? ጉልበትህ በዚያ በጀርመን ብርድ ተሻለው ወይ? ሥራው ላይ ጾሙስ እንዴት ይዞሃል? እኛ አልሐምዱ ሊላህ ደህና ነን፤ የአባዬም ሳል ቀለል ብሎለታል። ንዴቴ እስኪበርድ ብዬ ሳልጽፍልህ ቆየሁ። አልበረደም፤ እንዲያውም ባሰበት።

ረመዳን ሳይገባ የለስላሳ መጠጥ ማስታወቂያ የሚሠሩ ሰዎች ቤታችን መጡ። እውነተኛ የካይሮ ቤተሰብ ሲያፈጥር እንቀርጻለን፣ እንዳላችሁ ሁኑልን አሉ። አባዬማ "እኔ ተዋናይ ነኝ እንዴ? ውጡልኝ!" ብሎ ነበር። የለመነችው እማዬ ናት። በውጭ አገርም ይታያል ስላሏት፣ "ሐዚም ማዕዴን አይቶ ሆዱ ይባባል፣ ለዒድ ይመጣልኛል" ብላ ነው።

በቀጠሮው ቀን፣ እንዳላችሁ ሁኑ ያሉት ሰዎች ቤቱን ገለበጡት። ሶፋችንን ደረጃ ላይ አውጥተው የድንኳን ምንጣፍና የመዳብ ፋኖስ ደረደሩ። አባዬን ፒጃማውን አስወልቀው ጥምጣም ጠመጠሙለት፤ ዕድሜውን ሙሉ ትራም የነዳውን ሰው! እማዬ ከጠዋት ጀምራ የለፋችበትን፣ በወተት መረቅ የተጋገረውን መኮሮኒ በበሻሜል ዳይሬክተሩ አየና "ይሄማ የፈረንጅ ምግብ ነው፣ ዐረብ ዐረብ የሚል ነገር የለሽም እናቴ?" አላት። እሱ ራሱ የዚሁ የካይሮ ልጅ ነው፤ ግን ግማሹን በእንግሊዝኛ ነው የሚያወራው። እማዬም "የኔ ጌታ፣ እኔ በረመዳን ይሄን ሳበላ እናትህ ገና አላገባችም ነበር። ያ ጠርሙስህስ የማን አገር ነው?" አለችው። ሠራተኞቹ በሳቅ ፈረሱ። መኮሮኒው ግን ወደ ኩሽና ተመለሰ፣ ጠርሙሱ ማዕዱ መሀል ተጎለተ። እኛን ዐረብነት ሊያስተምሩን! ወላሂ ደሜ ፈላ።

ይሄም ይለፍ። ባንተ ወንበር የሚቀመጥ አንድ መልከ መልካም ልጅ ይዘው መጡ፤ ከውጭ አገር የተመለሰው የእማዬ ልጅ እሱ ነው ተባለ። ሻንጣ ይዞ ይገባል፣ "እማዬ መጣሁ" ይላል፣ እሷም ታቅፈዋለች። መጀመሪያ እንደ እንግዳ ትከሻውን ነካ አድርጋ ተወችው። ዳይሬክተሩ ጠጋ ብሎ "የራስሽ ልጅ ነው ብለሽ አስቢ" አላት። አሰበች። አንገቱ ሥር ገብታ ስትንሰቀሰቅ ልጁ ራሱ ደነገጠ። እነሱ አጨበጨቡ! እንባዋን ሳትጠርግ ጠርሙሱን አስጨበጧት።

አሁን ማስታወቂያው በየማታው ከማፍጠሪያው የመግሪብ አዛን በኋላ በቴሌቪዥን ይታያል። ጎረቤቱ "ታዋቂ ሆናችሁ" ይለናል። እማዬ ማንኪያዋን አስቀምጣ "ዝም በሉ፣ ሊገባ ነው" ትላለች። ሊገባ ነው! ትሰማኛለህ? የእናቴን እንባ ለስላሳ መሸጫ ያደረጉትን ሰዎች ብረግማቸው አይወጣልኝም። አንተንም አልምርህም። ሥራ በዛ፣ ትኬት ተወደደ ስትል ስንት ዒድ አለፈ? ወንበሩን ባዶ የተውከው አንተ ነህ፤ እነሱ ባዶ አግኝተው ነው የነገዱበት። ለዘንድሮው ዒድ ሰበብ አልሰማም።

አባዬ "ጥምጣሜን አይቶ ቢስቅብኝ ወዮለት" ብሎ ሰላም ብሎሃል። አክስታችን ፊክሪያ ለጉልበትህ ዱዓ እያደረገች ነው፤ አብሮህ ለሚኖረው ለጀላልም ሰላም በልልን። እማዬን ምን ብዬ ልጻፍልሽ ብላት፣ ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ ሳትነቅል "ለማን? ልጄማ በየማታው ይመጣል" አለችኝ።

እህትህ ኢንሳፍ
ሹብራ፣ ካይሮ
ረመዳን 19 ቀን 1440