የወንድሜን ስም ከሽፋኑ ላይ ስለማንሳት

ለተከበሩ የፖሊሲ ጥናት ተቋም ዋና ዳይሬክተር
ባሉበት

ክቡርነትዎ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ለእርስዎ፣ ለተከበረው ቤተሰብዎ፣ እንዲሁም በዚያ ረጅም ሕንጻ ውስጥ በየፎቁ ለሚደክሙት የሥራ ባልደረቦችዎ ሁሉ ሙሉ ጤና፣ ረጅም ዕድሜና ጥሩ እንቅልፍ እመኛለሁ። እንቅልፉን ያነሣሁት ለወጉ ያህል አይደለም፤ እርስዎ የሠሩትን ሠርቶ እንቅልፍ የሚወስደው ሰው ጤንነቱ የሚያስቀና መሆኑን በሙያዬ ስለማውቅ ነው።

እኔ አዋላጅ ነኝ። ሠላሳ አንድ ዓመት በአንዲት ትንሽ ጤና ጣቢያ አገልግያለሁ። እርስዎ ግን ይበልጥ የሚያውቁኝ፣ ባለፈው ወር የቀበርነውና ተቋምዎ በሐዘን መግለጫው «የወግ አጥባቂው አስተሳሰብ አንደበት» ያለው የፖለቲካ ተንታኝና የፖሊሲ አጥኚ ታናሽ እኅት በመሆኔ ሳይሆን አይቀርም። እኛ ቤት ወንድም ጋሼ ነበር የሚባለው፤ እዚህም እንደዚያው ብጠራው ቅር እንደማይሰኙ ተስፋ አደርጋለሁ። ጉዳዬን በጋዜጣ የማወጣው በጽሕፈት ቤትዎ በኩል ያስገባኋቸው ሁለት ማመልከቻዎች «እየታየ ነው» ከሚል ቃል በቀር መልስ ስላላገኙ ነው። የማመሰግንዎት ነገር ብዙ ስለሆነ እንዳይምታታብኝ በቁጥር አስቀምጬዋለሁ።

አንደኛ፣ ለወንድም ጋሼ የሥራ ቦታ ስለሰጣችሁት ከልብ አመሰግናለሁ። አባታችን የፍርድ ቤት ጸሐፊ ነበር፤ ወንድሜም ከእሱ የወረሰው ነገር ቢኖር የቆየና የተጻፈ ነገር ሁሉ ከመነካቱ በፊት ሦስት ጊዜ መነበብ አለበት የሚለውን እምነት ነው። ሃያ ስድስት ዓመት በተቋምዎ አጠና፤ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ደግሞ ቅዳሜ ረፋድ ላይ ተቋምዎ በሚያዘጋጀው የሬዲዮ ፕሮግራም የሳምንቱን ፖለቲካ ተነተነ። አዲስ ሕግ ሲወጣ «ቀስ በሉ»፣ አሮጌ መሥሪያ ቤት ሊፈርስ ሲል «ቀስ በሉ»፣ ሰው ሁሉ አደባባይ ወጥቶ ሲጮህም «ቀስ በሉ» ስለሚል ስሙ በዚያው ቀረ። የአውቶቡስ ሾፌሮች በመስኮት አንገታቸውን አውጥተው «ቀስ በሉ! ዛሬስ ምን ሊሉን ነው?» ይሉታል፤ እሱም ባርኔጣውን አንሥቶ ሰላምታ ይመልሳል። ሚስቱ ቀድማው አረፈች፤ ልጅም አልነበራቸውም። ስለዚህ እሑድ እሑድ ምሳ እኔ ቤት ነበር። እኔ የሠራተኛ ማኅበር ሰው ስለሆንኩ በአንድም ጉዳይ ተስማምተን አናውቅም። ሳህኑ ሳይነሣ እንጀምራለን፤ ባለቤቴ ሬዲዮኑን ከፍ አድርጎ ይሸሸናል። ያን ጊዜ ጭቅጭቅ ይመስለኝ ነበር። አሁን ስሙ ጠፍቶብኛል።

ሁለተኛ፣ ከሦስት ዓመት ከመንፈቅ በፊት በተቋምዎ መጽሔት ላይ ስላወጣችሁለት ጽሑፍ አመሰግናለሁ። ትንንሾቹ ጤና ጣቢያዎች «የሚያንጠባጥቡ ቧንቧዎች» እንደሆኑ፣ ተዘግተው ትልልቆቹ ሆስፒታሎች ቢጠናከሩ እንደሚሻል የተነተነበት ነው። እርስዎ ጽሑፉን በየስብሰባው እያነሡ እንዳመሰገኑለት ሰምቻለሁ። እኔ ደግሞ የማዋለጃውን ልብስ ሳላወልቅ ደወልኩለት።

«ወንድም ጋሼ፣ አንድ ቀን እንኳ መጥተህ አይተኸናል?» አልኩት።

«ቁጥሩን አይቻለሁ» አለኝ።

«ቁጥር አይወልድም!» ብዬ ስልኩን ጆሮው ላይ ዘጋሁት።

ከዚያ በኋላ ሁለት ዓመት ሙሉ አልተነጋገርንም። ለዚህ እርስዎን አልከስም። ይህኛው የእኔ ነው።

ሦስተኛ፣ ያ ጽሑፍ በጥናት እንዲደገፍ ብላችሁ ራሱን ወንድም ጋሼን ስለላካችሁት አመሰግናለሁ፤ ከሠራችሁት ሁሉ ትልቁ ስህተታችሁ፣ ለእኔ ግን ትልቁ ውለታችሁ እሱ ነው። የስድሳ ሦስት ዓመት ሰው፣ ጉልበቱ እያመመው፣ አሥራ አንድ ወር በአውቶቡስ ተንገላቶ አርባ ጤና ጣቢያዎችን አየ። የእኔን ጤና ጣቢያ ግን እኅቱ የምትሠራበት ስለሆነ ከጥናቱ አውጥቼዋለሁ ብሎ በመግቢያው ላይ በግልጽ ጽፏል። በየደጁ አግዳሚ ወንበር ላይ ከታካሚው ጋር ተቀምጦ፣ ማን ከየት እንደመጣና በእግሩ ስንት ሰዓት እንደፈጀበት እየጠየቀ ይመዘግብ ነበር። ከአርባው ውጭ ለሙከራ ተብለው አስቀድመው ከተዘጉት ሦስት ጤና ጣቢያዎች በአንደኛው አጠገብ አንዲት ልብስ አጣቢ አገኘ። ሴትዮዋ እጇን ከአረፋው ውስጥ ሳታወጣ እንዲህ አለችው፦ «በሩ ላይ ቁልፍ አየን። ወደ ሆስፒታሉ ጉዞ ጀመርን። መንገድ ላይ ወለድኩ። ልጄ አልቆየችልኝም።» ከዚያም ቀና ብላ «እርስዎ እሚከፍቱት ነዎት?» ብላ ጠየቀችው።

ይህን የነገረኝ እኔ ቤት፣ ወጥ ቤት ውስጥ ቆሞ ነው። አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ሳይጠራ መጣ። ከስቷል፤ ክራቫቱ ግን እንደ ወትሮው ነው። ይቅርታም አልጠየቀ፣ ሰላምታም አላበዛ፤ በእጁ የያዘውን ወፍራም ረቂቅ ጠረጴዛው ላይ አኖረና «አንብቢውና ስህተት ካለው አርሚልኝ። ስለ ምጥ የጻፍኩትን አላምነውም» አለኝ። እኔም ቀይ እስክሪብቶ አነሣሁ። «ምጥ ከጀመረ በኋላ ስድስት ሰዓት ያህል ጊዜ አለ» ብሎ ጽፎ ነበር። ሰርዤ «ለበኩሯ ይሆናል፤ ሁለተኛና ሦስተኛ ለምትወልድ ግን ሁለት ሰዓትም ላይኖራት ይችላል» ብዬ ጻፍኩ። አነበበውና መነጽሩን አውልቆ ብዙ ጊዜ ሲጠርግ ቆየ። ድምዳሜው የተዘጉት ይከፈቱ፣ ያሉት አይዘጉ የሚል ነበር።

«እንግዲህ ከእኛ ወገን ሆንክ ማለት ነው?» ብዬ ቀለድኩበት።

«አይ እቴ፣ እኔስ እዚያው ነኝ። የሚሠራን ነገር አታፍርሱ ማለት ነው የዕድሜ ልክ ሥራዬ። እነዚህ ደግሞ የሚሠሩ ሆነው አገኘኋቸው፤ ቀድሞ ሳላይ ፈርጄባቸው ነው» አለኝ። ቀጥሎም ምሳ ተርፎ እንደሆነ ጠየቀኝ።

አራተኛ፣ ረቂቁን ይዞ ሲመጣ በክብር ቢሮዎ ስለተቀበሉት አመሰግናለሁ። ወንበር ስበው እንዳስቀመጡት፣ «ጋሼ፣ ጥናቱ ግሩም ነው፤ ድምዳሜው ብቻ ትንሽ ይስተካከል» እንዳሉትም ነግሮኛል። እሱ ደግሞ «ድምዳሜው የሚስተካከለው መንገዱ ሲያጥር ነው» ብሎዎት ወጣ። ትሑት ሰው ስለሆኑ አላስቀየሙትም። በሳምንቱ ግን «ሽማግሌው ለእኅቱ እንጀራ ሲል እምነቱን ለወጠ» የሚል ወሬ ከዚያው ከእርስዎ ፎቅ ወረደ። ክቡርነትዎ፣ ያን ጥናት ሲጀምር እኅቱ ድምፁን ከሰማች ዓመት አልፏት ነበር፤ ይህን እንዲያውቁት ያህል ነው።

የቅዳሜው ፕሮግራም «እንዲታደስ» ተብሎ፣ እንግዳ ተናግሮ ሳይጨርስ ለሚጮህ ጎበዝ ተሰጠ። ሲያደንቁት የኖሩት ከሃዲ አሉት። የእኔ ወገኖችም፣ እውነቱን ልናገር፣ «ዛሬ ገና ነቃ እንዴ?» ብለው ሳቁበት፤ እኔም በስብሰባችን መሃል ተቀምጬ ይህ ሲባል ዝም አልኩ። ቢሮው ወደ ምድር ቤቱ፣ አሮጌ መጽሔቶች ወደሚከማቹበት ክፍል ወረደ። መስኮት የሌለውን ክፍል ስለመረጡለት በተለይ አመሰግናለሁ፤ ደጅ ደጁን ሲያይ ሥራ እንዳይፈታ አስበውለት ይሆናል። ሥራ ግን አልሰጣችሁትም። በየጠዋቱ ጫማውን አስጠርጎ፣ ክራቫቱን አስሮ በሰዓቱ ይገባል፤ መጽሔቶቹን በዓመተ ምሕረት ይደረድራል፤ በሰዓቱ ይወጣል። ሃያ ስድስት ዓመት አብረውት የሠሩት ሰዎች ደረጃው ላይ ሲያገኙት ስልካቸውን ማየት ለመዱ። ወርዶ ደህና መዋሉን ይጠይቀው የነበረው የጥበቃ ሠራተኛው ብቻ ነው።

«ለምን አትተወውም?» አልኩት። «ጡረታህ ደርሷል።»

«ረቂቁ እዚያ ነው ያለው» አለኝ። «እኔ ከወጣሁ ይነኩታል።»

አንድ ዓመት ጠበቀው። አንድ ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ግድም፣ የምድር ቤቱን ደረጃ ሲወጣ ወደቀ። የጥበቃ ሠራተኛው ደግፎ ሲያስቀምጠው «ቀስ በል፣ ጉልበትህን እንዳታጎዳው» እንዳለው ሰውየው ራሱ በቀብሩ ላይ እያለቀሰ ነገረኝ። አምቡላንስ እስኪመጣ አልቆየም።

አምስተኛ፣ ይህ የመጨረሻው ነው። ወንድሜ በተቀበረ በአሥራ አራተኛው ቀን ጥናቱ ታተመ። ወረቀቱ ያማረ፣ ሽፋኑ ወፍራም ነው፤ የወንድም ጋሼ ስምም በትልቁ ተጽፏል። ሠንጠረዦቹ የእሱ ናቸው። በገጽ ዘጠና ስድስት ላይ ሁለተኛና ሦስተኛ ለምትወልድ ሴት ሁለት ሰዓትም ላይኖራት እንደሚችል በእኔ ቃል ተጽፏል። ልብስ አጣቢዋ ግን የለችም። በገጽ መቶ አሥራ ሁለት ላይ ደግሞ አርባውም እንዲዘጉ ይመክራል። ታናሽ እኅቱ ቅር እንዳይላት ተብሎ ነው መሰል፣ እሱ ያላያት የእኔም ጤና ጣቢያ አርባ አንደኛ ሆና ተጨምራለች። መካከል ያሉትን አሥራ አምስት ገጾች ማን እንደጻፋቸው አላውቅም፤ ወንድሜ ግን «አኳያ» የሚለውን ቃል በሕይወቱ አንድ ጊዜ እንኳ ጽፎ አያውቅም፤ እዚያ ውስጥ ሃያ ሦስት ጊዜ አለ።

የምለምነው አንድ ነገር ነው። ወይ የእሱን ድምዳሜ መልሱለት፣ ወይ ስሙን ከሽፋኑ ላይ አንሡለት። ለእናንተ ንጹሑን ግልባጭ ሲሰጥ እኔ ዘንድ ያስቀረው፣ እያንዳንዱ ገጹ ላይ የፈረመበት ረቂቅ፣ ቀዩ እርማቴ ጭምር፣ በእጄ ነው፤ ለጋዜጣውም ግልባጩን ሰጥቻለሁ። በሕይወት ዘመኑ በምንም ከእሱ ጋር ተስማምቼ አላውቅም፤ ዛሬም ጋዜጣ አምጥተው የድሮ ጽሑፎቹን ቢያስነብቡኝ ከግማሽ በላዩን እከራከረዋለሁ። ነገር ግን ያመነውን እንጂ የታዘዘውን አልተናገረም። ሙያው ይኸው ነበር፤ ከእርስዎ ዘንድ ያለውን ዕቃውን ሁሉ ያስቀሩ፣ ይህችን ብቻ ይመልሱልኝ።

ክቡርነትዎ ይህን የመሰለ ረጅም ደብዳቤ ለማንበብ ውድ ጊዜዎን ስለሠዉ፣ ለወንድሜም ሃያ አምስት ዓመት ወንበር፣ አንድ ዓመት ምድር ቤት፣ ለዘለዓለምም ያልጻፈውን መጽሐፍ ስላበረከቱለት፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እየነሣሁ፣

ከማይለይ አክብሮት ጋር፣
የሟች ታናሽ እኅት፣ አዋላጅ

ማስታወሻ፦ ትናንት ከተቋምዎ የሰው ኃይል ክፍል ለወንድሜ የተጻፈ ማኅተም ያለበት ደብዳቤ በአድራሻዬ ደርሶኛል። ደረጃው ላይ ከወደቀበት ማክሰኞ ጀምሮ ያለ ፈቃድ ከሥራ ገበታው ስለቀረ ምክንያቱን በሦስት ቀን ውስጥ በጽሑፍ እንዲያስረዳ፣ ይህን ባያደርግ ግን አስተዳደራዊ እርምጃ እንደሚወሰድበት ያስጠነቅቃል። ቀነ ገደቡ እንዳያልፍበት ብዬ በእሱ ፈንታ ምክንያቱን በዝርዝር ጽፌያለሁ፤ እባክዎ ይህን ደብዳቤ ከግል ማኅደሩ ጋር ያያይዙልኝ።