በሽቦ የታሰረው ግንብ፦ የአቶ በሱፍቃድ ሸዋንግዛው የሕይወት ታሪክ

አቶ በሱፍቃድ ሸዋንግዛው ከአባታቸው ከአቶ ሸዋንግዛው ወልደ ሰማያትና ከእናታቸው ከወ/ሮ እንዳለች ኢታና፣ ዛሬ አስከሬናቸው በወጣበት በልደታው ግቢ፣ ሰኔ 12 ቀን 1946 ዓ.ም. ተወለዱ።

ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ በሰፈራቸው ትምህርት ቤት እስከ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ተምረዋል። ክረምት ሲሆን ታናሽ እህታቸውን ወ/ሮ ወለተሰንበትን አዝለው፣ ከኋላው ቤት ወደ መንገድ በሚያወጣው ጠባብ መተላለፊያ ያመላልሷቸው ነበር።

ከ1967 ዓ.ም. ጀምሮ በ2006 ዓ.ም. ጡረታ እስከወጡበት ጊዜ ድረስ የፍርድ ቤት መጥሪያና ትእዛዝ በማድረስ አገልግለዋል። በር የዘጋባቸው ሰው ቢኖር በሩ ላይ ለጥፈው ይመለሱ ነበር። በ1983 ዓ.ም. ከወ/ሮ ሠርካዲስ ሰላሁን ጋር ጋብቻ ፈጽመው ፍሬምናጦስንና ትሕትናን ወልደዋል።

የወላጆቻቸው ቤት ሲከፈል የፊተኛው ለእሳቸው፣ የኋለኛው ለእህታቸው ደረሰ። እህታቸው ድርሻዬን አልሸጥም ባሏቸው ጊዜ፣ በ2013 ዓ.ም.፣ መተላለፊያውን በብሎኬት ገንብተው ዘጉት። ከዚያ ወዲህ ወ/ሮ ወለተሰንበት የሚወጡትና የሚገቡት በጎረቤት ጓሮ፣ በጎረቤት ፈቃድ ነው። ፍርድ ቤት ግንቡ እንዲፈርስ አዘዘ። አላፈረሱም። ዳኛዋ ምክንያቱን ሲጠይቋቸው፣ “ዕድሜዬን ሙሉ ትእዛዝ ሳደርስ ኖሬአለሁ፤ ወረቀት ግንብ ሲያፈርስ አላየሁም” አሉ። ፍርድ ቤት በመድፈር ታስረው በተፈቱ ማግስት አንድ ረድፍ ብሎኬት ጨመሩበት።

እንዲህ ያለ ነገር በቀብር ላይ አይነበብም። ግንቡ ግን አሁንም እዚያው ስላለ መነገር አለበት።

ዘንድሮ ክረምቱ ሲገባ ግንቡ ተሰንጥቆ ወደ እህታቸው መኝታ ቤት አዘመመ። አቶ በሱፍቃድ በሽቦ ከራሳቸው ቤት ምሰሶ ጋር አሰሩት። ዝናብ ላይ ቆመው ሽቦውን ሲያጠብቁ ባደረባቸው የሳንባ ምች በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ ነሐሴ 3 ቀን 2017 ዓ.ም. በተወለዱ በ71 ዓመታቸው ዐርፈዋል። ከማረፋቸው በፊት ፍሬምናጦስን ግንቡን እንዳይነካ አስምለውታል። ትሕትና አልማለችም።

የፍርድ ቤቱ ትእዛዝ በሞታቸው አልተቋረጠም፤ ከቤቱ ጋር ለወራሾቻቸው ተላልፏል። ዛሬ ጠዋት አንደኛው ሽቦ ተበጥሶ ተገኝቷል። ወ/ሮ ወለተሰንበት ለዛሬ ወንድማቸው ቤት እንዲያድሩ ተለምነው፣ “ወንድሜ ቤት በመተላለፊያው እንጂ በሰው ጓሮ ዞሬ አልገባም፤ ከአልጋዬም አልነሣም” ብለዋል። የአንድ እናት ልጆች ናቸው።

ስለዚህ ከቀብር ስንመለስ፣ ዶማና መዶሻ ያላችሁ የእድር አባላት እጃችሁን ለመታጠብ ሳትቀመጡ ወደ ግንቡ እንድትመጡ፣ ከላይኛው ረድፍም ጀምረን እንድናወርደው ትሕትና ትለምናለች። ድንኳን ውስጥ ሽቦው በታሰረበት የቤቱ ምሰሶ በኩል ማንም እንዳይቀመጥ። ሰማዩ ከጠዋት ጀምሮ ጠቁሯል።

አቶ በሱፍቃድ ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውንና ከግንቡ ወዲያ ያሉትን አንድ እህታቸውን ትተው አልፈዋል። እግዚአብሔር ነፍሳቸውን በር በማይዘጋበት ስፍራ ያሳርፍ፤ እኛንም ከዝናቡ በፊት ያድርሰን።