መስኮቴ ፊት የሚቆሙት ሰዎች

ለልጄ ለዮሪስ፣ ያለህበት አገር ይመችህ፤ ክፉ አይንካህ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። ከተማችን ላይደን ሰሞኑን ዝናብ በዝናብ ሆናለች፤ ቦዩም ሞልቷል።

አንድ ነገር ግን እንቅልፍ ነስቶኛል። ከፋሲካ ወዲህ የማላውቃቸው ሰዎች ጆሯቸው ላይ ማዳመጫ ሰክተው መስኮቴ ፊት ይገተራሉ። ወደ ውስጥ አይተው ፈገግ ይሉና ወደ ድልድዩ ይሄዳሉ። ሌቦች ቤቴን እያጠኑ ነው ብዬ በቀን መጋረጃዬን ዘጋሁ። ምን ዋጋ አለው! እዚህ በቀን መጋረጃ የሚዘጋው ሬሳ ያለበት ቤት አይደል? ጎረቤቴ ኮሪ የለቅሶ ኬክ ይዛ ከች አለች። «ውይ፣ አለሽ እንዴ?» አለችኝ። ኬኩን ግን ይዛው ተመለሰች።

ትናንት አንዷን ወጥቼ ያዝኳት። «ቤቴ ላይ የምታፈጪው ምን ጠፍቶብሽ ነው?»

«ከተማውን እየጎበኘሁ ነው፣ እማማ። አስጎብኚ የለኝም፤ ስልኬ ላይ ያለው ድምፅ ነው እዚህ ቁሚ ያለኝ።»

አላመንኳትም። ማዳመጫዋን ተቀብዬ ጆሮዬ ላይ ሰካሁት።

ያንተ ድምፅ ነው፣ ዮሪስ። መቼ እንደቀዳኸው አንተ ታውቃለህ። «እዚህ መስኮት ጋ ቁሙ» ትላለህ። «አንዲት እናት ልጇ ከትምህርት ቤት እስኪመለስ እዚህ ቆማ ትጠብቀው ነበር። መጋረጃዋ ተዘግቶ አያውቅም።»

ወዲያው ገብቼ መጋረጃውን ከፈትኩት።

ለመንገደኛው ሁሉ ታወራለህ፤ ለእኔ ግን ከገና ወዲህ አልደወልክም። እግዚአብሔር በሄድክበት ይከተልህ። ሥራ ካልበዛብህ ደውልልኝ፤ ድምፅህን ለመስማት የሰው ማዳመጫ እየለመንኩ ዝናብ ላይ አልቁም።

እናትህ