የሐልቫር ሦስት ጣቶች

ይድረስ ለልጄ፣

ከሰላምታው በፊት አንድ ከባድ ጉዳይ ላሳውቅሽ እገደዳለሁና ቁጭ ብለሽ አንብቢው። ባለፈው ሰኞ ጠዋት፣ ጉሙ ከሐይቁ ላይ ሳይነሣ፣ ሐልቫር እጁን አነሣ።

በማንም ላይ አይደለም፤ አትደንግጪ። ወንድ ልጅ እጁን አነሣ ሲባል ሴት የምታስበውን አውቃለሁ። እሱ ግን ከሐይቁ ወሽመጥ ማዶ፣ ደጁ ላይ ካለው የጀልባ ማሰሪያ ሳንቃ ላይ ቆሞ፣ መጋዝ ሁለት ጣት የበላበትን ቀኝ እጁን ወደ እኔ ቤት አዙሮ ሽቅብ ቀጥ አደረገው። የተረፉት ሦስቱ ጣቶች ሰማይ ላይ ተተከሉ። ማክሰኞም አነሣው። ረቡዕም።

አሁን ወደ ሰላምታው ልመለስ። እንዴት ነሽ? ባልሽስ? ያ ጉሮሮሽ ተሻለው? እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ፤ ጉልበቴም የሚያመኝ ደረጃ ስወጣ ብቻ ነው፤ ደረጃ ያለው ደግሞ ቫንኩቨር አንቺ ቤት እንጂ እዚህ አይደለም። ሰፈራችን እንደምታውቂው አምስት ሰው በአምስት ቤት ሆኖ ውሎ ያድራል። የእንጨት መሰንጠቂያው ከተዘጋ ወዲህ ያየነው እድገት ቢኖር በሰጋቱራው ክምር ላይ የበቀለው ዛፍ ከጣሪያዬ መብለጡ ነው። በዛገው ጭስ ማውጫ አናት ላይ የሚኖሩት ዓሣ በል አሞሮች ወደ ሞቃት አገር ሄደዋል፤ እነሱ እንኳ ልጅ መጥቶ እስኪወስዳቸው አልጠበቁም።

ቅዳሜ በጭነት መኪና እንደምትመጪልኝ አልረሳሁም። ሐይቁ በረዶ ሳይሆን እንውጣ ብለሻል፤ እሺ ብያለሁ። ሻንጣዬም ታስሯል። መሄዴን ስነግራቸው ጎረቤቶቼ ሁሉ አዘኑ። ሐልቫር ዘንድ ግን እሑድ ቀዝፌ ተሻግሬ፣ ትንሽ በሚሰማለት ጆሮው በኩል ጮኼ ብነግረው፣ «እህ» አለ። በቃ። ዕድሜውን ሙሉ ሾርባዬን ሲጠጣ የኖረ ሰው፣ «እህ»! እጁን ማንሣት የጀመረው በማግሥቱ ነው።

በመጋዝ ጩኸት ያረጀን ሰዎች በእጅ እንደምናወራ ታውቂያለሽ። የእኔ ችግር የወጥ ቤት ሰው መሆኔ ነው፤ ከእጅ ቋንቋ የማውቀው «ጨምሪልኝ»ን እና «በቃኝ»ን ብቻ ነው፤ «በቃኝ»ን ደግሞ ማንም ሲጠቀምበት አላየሁም። ስለዚህ ነገሩን ልመረምር ወጣሁ።

መጀመሪያ የሄድኩት ዴዝሞንድ ዘንድ ነው። ከከተማ ጡረታ ወጥቶ የመጣው ሰውዬ። «ሰላም እያለን ነዋ!» አለኝ፤ ለካ እሱ በየጠዋቱ በመስኮት እጁን እያወዛወዘ አጸፋ ሲመልስ ሰንብቷል። ለእኔ የተላከ ሰላምታ ከሆነ አንተን ምን አገባህ ልለው ብዬ ተውኩት።

ጉርዲያል ግቢው ውስጥ ጥምጣሙን ፀሐይ ላይ ዘርግቶ ነበር። እሱ እንደምታውቂው ከውጭ ጣውላ ደርዳሪ ነበር። ጉዳዩን ስነግረው ጢሙን ዳበሰ፣ ሣቁን ዋጠ፣ «እኅት ዓለም፣ በእኛ በኩል ሦስት ጣት ማለት ሦስተኛ ደረጃ ጣውላ ማለት ነው» አለኝ። «ምን የሚሠራ?» ብለው፣ «ለአጥር... አንዳንዴም ለዶሮ ቤት» አለኝ። ልጄ፣ ሻዩን ሳልጨርስ ነው የወጣሁት።

ቁርጡን የነገረችኝ ኢርማ ናት። ባሏ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ መጋዙን ከሚነዳው ከሐልቫር ፊት ቆሞ በእሱ የእጅ ምልክት ግንዱን የሚገፋና የሚያዞር ሰው ስለነበር ቋንቋውን እራት ላይ ነው የተማረችው። «አምስት ጣት ከተነሣ፣ ተወው፣ ባለበት ይቆይ ማለት ነው» አለችኝ። «ሦስት ከሆነስ?» አልኳት። ዓይኗን ወደ ድንቹ ልጣጭ መለሰች። «ሦስትማ... አንሣው፣ ይሂድ፣ ቀጣዩን አምጣ ነው።»

«ቀጣይዋ ደግሞ ማን ናት?» አልኩ።

«እኔን ምን ታፈጪብኛለሽ? እኔ የተርጓሚ ሥራ ነው የያዝኩት!» አለች።

ሂጂ ማለቱ ነው እንግዲህ። እውነቱን ልንገርሽ፣ አንቺ ነይ ስትዪኝ ያልተሰማኝ ነገር እሱ ሂጂ ሲለኝ ተሰማኝ። ደግሞስ እንዲህ ያለ ነገር ያለው ሰው እንደ ወንድ ቀዝፎ መጥቶ ፊት ለፊት አይናገርም? ቤት ገብቼ የአተር ሾርባውን ከነድስቱ ጀልባ ላይ ጫንኩ። ሰው ሊሰድብ የሚሄድ ሾርባ ይዞ ይሄዳል ወይ ብለሽ እንዳትጠይቂኝ፤ ትኩስ ስለነበረ ነው።

ከማገዶው ክምር ሥር አገኘሁት። የኮቱ ግራ እጅጌ ባዶውን ይወዛወዛል። ክንዱ ከኮቱ ሥር ደረቱ ላይ በአልጋ አንሶላ ታስሯል። «ምን ሆነህ ነው?» ብዬ ጮህኩ። ከእንጨቱ ላይ ወደቅኩ አለኝ። መቼ ብለው፣ «እሄዳለሁ ብለሽኝ የሄድሽ ለት» አለኝ። በአንድ እጅ እንዴት ይቀዝፋል? ክብ ብቻ ነው የሚዞረው።

እኔ ግን የመጣሁበትን ልተው አልቻልኩም። «በዚህ ላይ ደግሞ ሂጂ ትለኛለህ?» አልኩት።

«ማን ሂጂ አለሽ?» አለኝ።

«ሦስት ጣት ሂድ አይደለም ወይ? ኢርማ ነግራኛለች!»

ልጄ፣ ያኔ እጁን ቁልቁል አየው። አገላብጦ አየው፤ ልክ ጣቶቹ ያን ዕለት የተቆረጡ ይመስል። ለካ አምስት ማለት ሲፈልግ ሁልጊዜ የሚያነሣው ደህናውን ግራ እጁን ነበር፤ እሱ ደግሞ ታስሯል። ቀኙ ሲያወራ ይኮላተፋል።

ከዚያ እጄን ያዘ። ሦስቱን ጣቶቼን አጠፈ፣ ሁለቱን ቀጥ አድርጎ ከሦስቱ ጣቶቹ ጎን አቆማቸው። እንዲሁ አብረን ወደ ላይ አነሣናቸው። ከማዶ ዴዝሞንድ በመስኮት እጁን አወዛወዘልን።

አምስት ጣት ምን ማለት እንደሆነ ከላይ ጽፌልሻለሁ፤ አልደግመውም።

ቅዳሜ መምጣትሽ እንዳይቀር። የጭነት መኪናውን ግን ተይው፤ የራስሽ መኪና ይበቃል። ወፍራም የሱፍ ካልሲ ብታመጪ ደስ ይለኛል፤ ትልልቁን አድርጊው፣ እግሬ አብጦ እንዳይመስልሽ። ባልሽን ሳሚልኝ። መንገድሽን ያቅናልሽ፤ ክረምቱ እንደ እንግዳ ገብቶ እንደ እንግዳ ይውጣልሽ፤ የሚያዳምጥሽ ሰው ከቤትሽ አይጥፋ።

እናትሽ

እርማት፦ ከላይ በሰላምታው ክፍል «አምስት ሰው በአምስት ቤት» ተብሎ የተገለጸው፣ ከትናንት ጀምሮ «አምስት ሰው በአራት ቤት» በሚል ታርሞ እንዲነበብ በአክብሮት እናሳስባለን።